አራተኛው ቅጠል

ባለቤቴ በሠላሳ አንድ ዓመት ትዳራችን አንድም ቀን እሺ ብላኝ አታውቅም ነበር። ጨው አነሰው ስላት "በዝቷል" ትላለች፤ እንተኛ ስላት "ገና ነው" ትላለች፤ ዝናብ መጣ ብላት እንኳ መስኮት ከፍታ ሰማዩን በዐይኗ ካላየች አታምነኝም። ጎረቤቴ ጫማ ሰፊው "አንተ ሰውዬ፣ ከዚች ሴት አፍ እሺ የሰማህ ቀን እኔ ነኝ ድግስ የምደግስልህ" እያለ ይቀልድብኝ ነበር። ከሁለት ዓመት በፊት አንድ ጠዋት ፀጉሯን ስታበጥር ማበጠሪያው ከእጇ ወደቀ። ላነሳላት ጎንበስ ብዬ ቀና ስል ፊቷ በቀኝ በኩል ወርዷል። "ምን ሆንሽ?" አልኳት። "እሺ" አለችኝ። ከዚያን ቀን ወዲህ ራበሽ ወይ ቢሏት እሺ ነው፣ ጠገብሽ ወይ ቢሏትም እሺ ነው፤ ሌላ ቃል ከአፏ አልወጣም። ጫማ ሰፊውም ድግስ አልደገሰም።

ሐኪሙ ጭንቅላቷ ውስጥ ደም ፈሷል አለን። ቀኝ እጇ ከአፏ ጋር አብሮ ስለሄደ መጻፍ የለም። ራስ መነቅነቋም አይታመንም፤ አዎ ለማለት ፈልጋ ግራና ቀኝ ትወዘውዘዋለች፣ እምቢ ለማለት ፈልጋ ወደ ታች ትነቀንቀዋለች። "ማልቀስና መሳቅም ያለ ምክንያት ይመጣባታል፤ ሲያዩ አይደንግጡ" አለኝ። እኔ ግን በየቀኑ እደነግጣለሁ።

እኔ የሙዚቃ መሣሪያ ቃኚና ጠጋኝ ነኝ። ሰፈሩ ስሜን ትቶ "ጆሮ" ብሎ ይጠራኛል፤ አልከፋኝም፣ እውነት ነውና። ሱቄ ምድር ላይ ነው። መኖሪያችን ከሱቁ በላይ፣ አሥራ አራት የእንጨት ደረጃ ተወጥቶ የሚገኝ አንድ ክፍልና ኩሽና ነው። የተበላሸ ድምፅ አልችልም። ሰው ቤት በእንግድነት ሄጄ ሲጢጥ የሚል በር ካጋጠመኝ፣ ዘይት ለምኜ ማጠፊያውን ካልቀባሁት የቀረበልኝ አይዋጥልኝም። ባለቤቴ "አመል ያወጣል ከመሀል! አንድ ቀን የሰው በር ስትነካካ ሌባ ብለው ይይዙሃል" ትለኝ ነበር።

ሰው ሲኳረፍም እንደዚያው ነኝ፤ ዝም ብዬ ማየት አልችልም። ያለችን አንድ ሴት ልጅ ናት፤ እዚሁ ሱቅ ወለል ላይ ዳዴ ብላ ያደገች። ጆሮዋ የኔ ነው፣ አፏ ግን የእናቷ። ሁለቱ ሲኳረፉ በመሀል የምመላለሰው እኔ ነበርኩ። ለአንዷ "እናትሽ ተጸጽታለች" እላለሁ፤ ለሌላዋ "ልጅሽ እያለቀሰች ይቅር በሉኝ ብላለች" እላለሁ። ማንም ምንም አላለም፣ ከሆዴ ነው የማወጣው። ውለው አድረው ሁለቱም ነቁብኝ። ከዚያ ወዲህ በሰው አፍ የመጣ ይቅርታ ሁሉ በቤታችን "የአባዬ ሰላምታ" ተብሎ ቀረ። "ከልብሽ ነው ወይስ የአባዬ ሰላምታ ነው?" ይባባሉና ይስቁብኛል። ያን ጊዜ እኔም አብሬ እስቅ ነበር።

ማበጠሪያው ከመውደቁ ከሁለት ቀን በፊት ልጃችን ከምትሠራበት ከተማ ደወለች። ሁለት ልጆች ያሉት ሰው አግብታለች፤ ካገባች ሦስት ወር ሆኗታል፤ የምትነግረን አሁን ነው። ባለቤቴ ስልኩን በሁለት እጇ ይዛ እስከ መጨረሻው አዳመጠች። ከዚያ "ከዛሬ ጀምሮ ልጅ የለኝም። ብሞት ቀብሬ ላይ እንዳትቆሚ" አለችና ዘጋችው። ማታውን አልተኛችም። በነጋታው "ልደውልላት እንዴ?" አለችኝ፤ "ትንሽ ይብረድላት" አልኳት። ቆይታ ልትደውል አሰበች፣ ቀኑ ግን አልጠበቃትም።

ልጃችን ሆስፒታል መጥታ ነበር። በሩ ላይ ቆማ "ልግባ?" አለች። "እሺ" አለች እናቷ። ወዲያው ነርሷ መጥታ "መርፌ ልወጋዎት ነው" ስትላት ያንኑ እሺ፣ በዚያው ድምፅ ደገመችው። ልጄ ሰማች። ገብታ አልተቀመጠችም። "አባዬ፣ እኔ የማውቀው በደህናዋ ጊዜ ያለችኝን ነው" አለችኝ ኮሪደሩ ላይ። "ቀብሬ ላይ አትቁሚ ካለችኝ አልጋዋ ሥር በምን አፌ እቆማለሁ?" እናትሽ ናፍቃሻለች፣ ስምሽን ስትሰማ ዐይኗ ያበራል እያልኩ ሁለት ዓመት በስልክ ለመንኳት። መልሷ ሁልጊዜ አንድ ነበር፤ "ምን ብላ ነገረችህ?"

እንግዲህ አክስቴ ወደ ቤታችን የገባችው በዚህ መሀል ነው።

አንድ ዝናባማ ሰኞ፣ ዕድሜዋ አርባ የሚሆን ሴት በብርድ ልብስ የተጠቀለለ ነገር ታቅፋ ሱቄ ገባች። ስትፈታው የልብስ ስፌት መኪና ክዳን የሚያህል ጥቁር የእንጨት ሣጥን ሆነ። ጉልበት ላይ ይቀመጣል፤ በግራው የቆዳ ወናፍ አለው፣ በቀኙ ስምንት ቁልፎች። ውስጡን ከፍቼ ሳይ በተርታ የተሰኩ ዘጠኝ የነሐስ ቅጠሎች አገኘሁ። ነፋሱ ሲነካቸው የሚንቀጠቀጡትና ድምፅ የሚሰጡት እነሱ ናቸው። ቅጠሉ ዘጠኝ፣ ቁልፉ ስምንት መሆኑ ገረመኝ። አራተኛው ቅጠል ቁልፍ የለውም፤ ወናፉ እስከተነፋ ድረስ ሳያቋርጥ ከሥር ያጉረመርማል። በዚህ ዕድሜዬ እንዲህ ያለ መሣሪያ አይቼ አላውቅም።

"ምን ይባላል?" አልኳት።

"እኛ ቤት አክስቴ ነው የሚባለው።"

"ለምን?"

"ሲሰሙት ይገባዎታል፣ ጋሼ" አለችና ፈገግ አለች። "አባቴ ነው ለኔ የተወው። ወናፉ ተቀዷል፤ እሱን ብቻ ይጥገኑልኝ። አራተኛውን ቅጠል ግን እንዳይነኩብኝ።"

"እሺ" አልኳት።

"አደራ ጥብቅ ነው፣ ሰማይ ሩቅ ነው።"

"እሺ አልኩሽ እኮ፣ ልጄ።"

እንዲህ የሚል ደንበኛ ጠፍቶብኝ አያውቅም። ሰው መሣሪያው ላይ ያለውን እንከን እንደ ልጁ ኩልትፍና ይወደዋል፣ ስታስተካክልለት ደግሞ አመስግኖህ ይሄዳል። ሴትዮዋ በሁለት ሳምንት እመጣለሁ ብላ ሄደች። ወናፉን በስስ የፍየል ቆዳ ጠገንኩት፤ ሙጫው እስኪደርቅ ሁለት ቀን ፈጀ። ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ልሞክረው ብል ጫማ ሰፊው ተረከዝ እየቀጠቀጠ ጆሮ አያሰማም። ሣጥኑን ታቅፌ ወደ ላይ ወጣሁ።

ባለቤቴ እንደ ወትሮዋ መስኮቱ አጠገብ ተቀምጣለች። ፊት ለፊቷ ተቀመጥኩና ነፋሁት። አክስቴ መባሉ ወዲያው ገባኝ። ላይኞቹ ቅጠሎች ደህና ናቸው፤ አራተኛው ግን በየድግሱ ጥግ ይዛ ስታማርር እንደምትውል አሮጊት ዘመድ ከሥር ያጉረመርማል። ድምፁ የትም አይገጥምም። ከአንዱ ከፍ ያለ፣ ከሌላው ዝቅ ያለ፣ ያረረ ድስት በማንኪያ ሲፋቅ ይመስላል። ጥርሴን ነክሼ ጥቂት እንደነፋሁ "መስኮቱን ዝጋው፤ ብርዱ አንገቴን ቆረጠው" የሚል ሰማሁ።

ሬዲዮ መሰለኝ። ሬዲዮው ጠፍቷል። እጄ ቆመ። ባለቤቴን አየኋት፣ ዐይኗን አፍጥጣብኛለች።

"ምን አልሽ?"

"እሺ" አለች። ወዲያው በደህናው እጇ ሣጥኑን መታ መታ አደረገችው። ነፋሁ።

"አንተ ሰውዬ! ዝጋው አልኩህ እኮ!"

ክው አልኩ። እየነፋሁ አለቀስኩ፣ እያለቀስኩ ሳቅሁ። በሕይወቴ ተቆጥተውኝ እንዲያ ደስ ብሎኝ አያውቅም። መስኮቱን ለመዝጋት ብነሳ ንግግሯ ሊቆም ነው፤ ስለዚህ ሣጥኑን ታቅፌ፣ በግራ እጄ እየነፋሁ፣ በክርኔ ገፍቼ ዘጋሁት። "እስቲ ይሄን ሰው እዩልኝ" አለች፤ እሷም ትስቃለች። የሁለት ዓመት ቁጭቷን ዘረገፈችው። ሹራቧን ሁልጊዜ ገልብጬ እንደማለብሳት፣ ሾርባው ጨው እንደሌለው፣ የወንድሜ ሚስት ጉንጯን እየደባበሰች "አይ የሷ ነገር፣ በቁሟ ሞታለች" እንዳለች።

"ይሄን ሁሉ ትሰሚያለሽ?"

"ሁሉንም እሰማለሁ። ልመልስ ስል ያቺ አንዷ ቃል ቀድማ ትወጣለች። እንዴት እንደምጠላት ብታውቅ!" እኔ መንፋቴን አላቋረጥኩም። ከዚያ ድምፅዋ ተለወጠ። "ልጄን ጥራልኝ። ያልኳትን ላንሳላት።"

"አሁኑኑ ልደውልልሽ፤ ስልኩን ጆሮሽ ላይ..."

"በስልክ አይሆንም። ያጠፋሁት በስልክ ነው። ፊቷን እያየሁ ነው የማነሳው። ካፍ ከወጣ አፋፍ ይላሉ፤ አፋፉ ድረስ ወጥቼ አወርደዋለሁ። ደሞ አንተ እንዳትነግራት። ካንተ ከሰማችው የአባዬ ሰላምታ ነው የምትለው።"

ደወልኩ። "እናትሽ ተናገረች" አልኳት።

"ምን አለች?"

"እሷው ትንገርሽ። ነይና ስሚ።"

"አባዬ፣ ይሄም ሰላምታህ ከሆነ ዳግመኛ ቤትህ አልመጣም፤ ስልክህንም አላነሳም።"

"ዐይኔን ግንባር ያድርገው!" አልኳት። ለሚመጣው ሳምንት ቅዳሜ ቀጠሮ ያዝን።

ዘጠኝ ቀን አወራን። ክንዴ እስኪዝል እነፋለሁ፣ አርፌ ደግሞ እነፋለሁ። ጫማ ሰፊው አንድ ቀን ደረጃው ሥር መጥቶ "ከላይ የሚጮኸው ምንድን ነው? ድመት ታረደ እንዴ?" ሲለኝ "ባለቤቴ አክስቴን አስመጣች" ብዬ ሸኘሁት። ለማንም አልተናገርኩም፤ ብናገር ቤቴ የጠበል ደጅ ይሆናል፣ ሣጥኑም የሰው ነው። ባለቤቴ ስትሟገት፣ ስትቆጣ፣ የቤት ዕቃ ስታስለውጠኝ ዋለች። አንድም ጊዜ እሺ አላለችም። ለምን ድምፅዋን በስልክህ አልቀረፅክም የሚል ይኖራል። ነገ አለ ብዬ ነዋ! ነገ ያለው ሰው ምን ብሎ ይቀርፃል?

ዓርብ ጠዋት "የምላትን አንዴ ልለማመደው" አለችኝ። ነፋሁላት። ባዶውን ወንበር እያየች "ልጄ፣ ቀብሬ ላይ የምትቆሚው አንቺ ነሽ። አንቺ ካልቆምሽ ማን ይቆምልኛል? ባልሽንም ልጆቹንም ይዘሽ ቁሚ" አለች። ከዚያ ወደ እኔ ዞራ "በዛ እንዴ?" አለችኝ። አልበዛም አልኳት። "ጥቁሩን ቀሚሴን አውጣልኝ፤ አይ ተወው፣ ሐዘን ያስመስላል፤ ሰማያዊውን" አለች። ምሳዋን በላችና ተኛች።

እኔ ሣጥኑን ይዤ ወደ ሱቅ ወረድኩ። ላጸዳው ነበር፤ በእውነት ሌላ ሐሳብ አልነበረኝም። እንጨቱን በዘይት ጨርቅ ወለወልኩት፣ ቁልፎቹን አንድ በአንድ አበስኩ። ከዚያ ውስጡን ከፈትኩና አራተኛው ቅጠል ፊት ለፊቴ መጣ። ልጄን አሰብኳት። ልጄ ገና አራት ዓመቷ ሳለች ያልተቃኘ ገመድ ከነካሁ ጆሮዋን በሁለት እጇ ይዛ "አባዬ፣ ይቺኛዋ አሟታል፣ አድናት" ትለኝ ነበር። ነገ ያቺ ልጅ በዚያ በር ትገባለች። የእናቷን የይቅርታ ቃል ከድስት ፍቅፋቂ ጋር ቀላቅዬ ላሰማት ነው? አርባ ዓመት ሙሉ ከዚህ ሱቅ ያልተቃኘ መሣሪያ አልወጣም፤ ለገዛ ልጄ ጆሮ የሚወጣው የመጀመሪያው ሊሆን ነው? የሴትዮዋ አደራ ትዝ አላለኝም አልልም። ትዝ ብሎኛል። "ትንሽ ብቻ ነው፤ ሴትዮዋም ብትሆን ስትሰማው ደስ ይላታል" አልኩ ለራሴ።

ሞረዴን አነሳሁና ሦስት ጊዜ ሞረድኩት። ቆሜ ሰማሁ፤ ቀረብ ብሏል። አንድ ጊዜ ጨመርኩ። ገመድ ቢሆን ይጠብቃል፣ ይላላል፣ ወደ ነበረበት ይመለሳል። ነሐስ ግን አንዴ ከተሞረደ ብናኙን ለቅመህ አትመልሰውም። ይህን ከማንም በላይ አውቃለሁ። ነፋሁት፤ አራተኛው ቅጠል ከሌሎቹ ጋር ገጠመ። ሣጥኑ ሁሉ እንደ አንድ ሰው ተነፈሰ። ጫማ ሰፊው መዶሻውን አስቀምጦ መጣና በሩ ላይ ቆመ። "ያቺ የታረደች ድመት ናት እንዲህ የምታዜመው?" አለኝ። "እጅህ ይባረክ፣ ጆሮ።" እኔም ኮራሁ። ባለቤቴ ስለተኛች ወደ ላይ ወስጄ አልሞከርኩትም። ለነገ ጉሮሮዋን ትቆጥብ ብዬ ማታም አልነፋሁላትም።

ቅዳሜ በአራት ሰዓት ልጄ መጣች። ደረጃውን ስትወጣ እግሯን እየቆጠረች ነው የምትመስለው። ከስታለች። በሩ ላይ ቆማ እንደዚያን ቀን "ልግባ?" አለች።

"እሺ" አለች እናቷ።

ልጄ ዞራ አየችኝ። "ቆይ፣ ገና ነው" አልኩና ወንበሩን ሳብኩላት፤ ከእናቷ ፊት ለፊት፣ ጉልበት ለጉልበት አስቀመጥኳት። ሣጥኑን አንስቼ ነፋሁ። ክፍሉን የሞላው ድምፅ ምንም እንከን የለውም። ልጄ ዐይኗን ጨፈነች፤ እንዳማራት አየሁ። ባለቤቴ በሰማያዊ ቀሚሷ ቀና ብላ ተቀመጠች፣ ትንፋሽ ሳበች፣ አፏን ከፈተች።

"እሺ" አለች።

ፊቷ ተለዋወጠ። ሣጥኑን አየችው፣ እኔን አየችኝ። "እሺ። እሺ። እሺ!" ድምፅዋ እየጨመረ ሄደ። እኔ ወናፉን እስኪጮህ ጨመቅሁት፤ ቶሎ ቶሎ ነፋሁ፣ ቀስ ብዬ ነፋሁ፣ ቁልፎቹን አቀያየርኩ። እጄ እየሠራ ሆዴ አስቀድሞ አውቆታል። አራተኛውን ቅጠል ከሌሎቹ ለይቼ ልሰማው ሞከርኩ፤ አልተለየም። የለም። በገዛ እጄ ሞርጄ አጥፍቼዋለሁ።

"አባዬ፣ በቃ" አለች ልጄ። ሣጥኑን ከጭኔ ላይ አንስታ መሬት አስቀመጠችው። ከዚያ ተንበርክካ የእናቷን ግራ እጅ ያዘች።

"እማዬ፣ ምን ልትዪኝ ነበር?"

"እሺ።"

"ይቅር ብለሽኛል?"

"እሺ።"

የልጄ ፊት በራ። እዚህ ጋ ይብቃ፣ ከዚህ በኋላ ምንም አትጠይቂ ብዬ በልቤ ለመንኳት። ልጄ ግን የእናቷ ልጅ ናት፤ ሰማዩን በዐይኗ ሳታይ ዝናቡን አታምንም። ድምፅዋን ሳትለውጥ፣ እጇን ሳትለቅ፣ ሁለተኛውን ጠየቀች።

"ወይስ አሁንም ቀብሬ ላይ አትቁሚ ነው የምትዪኝ?"

ባለቤቴ ከንፈሯን ገጠመች። እጇን ከልጇ እጅ መንጭቃ አፏ ላይ ጫነችው። ጣቶቿ ጉንጯ ላይ ነጭ እስኪሆኑ ተጫነችው፤ አንገቷ ይንቀጠቀጣል፣ ዕንባዋ በጣቶቿ ላይ ይወርዳል። ለጥቂት ጊዜ የያዘችው መስሎኝ ነበር።

"እሺ" አለች፣ በጣቶቿ መሀል።

ልጄ ብድግ አለች። እኔ መቀባጠር ጀመርኩ። ትላንት እዚሁ ወንበር ላይ ያለችውን፣ ባልሽንም ልጆቹንም ይዘሽ ቁሚ ማለቷን፣ ሰማያዊውን ቀሚስ የመረጠችው ራሷ መሆኗን፣ ስለ ቅጠሉ፣ ስለ ሞረዱ፣ አንዱንም ሳላስቀር ነገርኳት። እየተናገርኩ ለራሴም ጆሮ ውሸት ይመስለኝ ጀመር። ልጄ አልተቆጣችም፤ ብትቆጣ በተሻለኝ። ፈገግ ብላ "የአባዬ ሰላምታ" አለችና ትከሻዬን ዳበሰችኝ። እናቷን ግንባሯ ላይ ሳመቻት። "ደህና ሁኚ እማዬ" አለች።

"እሺ።"

በስምንት ሰዓቱ አውቶቡስ ሄደች። እንዳለችው ስልኬን አላነሳችም።

ሰኞ የሣጥኑ ባለቤት መጣች። ሱቁ ውስጥ ቆማ ጉልበቷን ከጠረጴዛው አስደግፋ አንድ ጊዜ ነፋችው። ፊቷ አመድ ሆነ።

"አራተኛው የታለ?"

"ቃኘሁት" አልኳት። ሌላ ምን እላለሁ?

ወንበር ፈልጋ ተቀመጠች። "ወንድሜ ሲወለድ ጀምሮ አንደበት የለውም። አባቴ በየቀኑ ከሥራ ሲመለስ አንድ ሰዓት ይነፋለት ነበር። በዚያች ሰዓት እንዴት እንደሚያወራ፣ እንዴት ተረበኛ እንደሆነ ባዩት! አባታችን ከሞተ፣ ወናፉም ከተቀደደ አራት ወሩ ነው። ዛሬ አክስቴን ይዣት እመጣለሁ ብዬው ወጣሁ፤ ወንበሩን በር ላይ አውጥቶ እየጠበቀኝ ነው።"

"ለምን አልነገርሽኝም?" ጮኽኩባት። ጥፋተኛ ሰው ይጮኻል። "እንዲህ ነው ብትዪኝ እኔ ምን በወጣኝ እነካዋለሁ?"

"ብነግርዎ ይመልሱልኝ ነበር?"

ቀና ብዬ ወደ ጣሪያው አየሁ፤ ከላይ የባለቤቴ ወንበር ሲንቀሳቀስ ይሰማል። ሴትዮዋ ብርድ ልብሱን ብቻ አጣጥፋ ያዘች። "ሣጥኑ እርስዎ ጋ ይቆይ። ባዶውን ይዤበት አልገባም። ከቻሉ ይመልሱት" ብላ ወጣች። አደራ በላ አላለችኝም፤ ያንን እኔው ለራሴ ብዬዋለሁ።

እስካሁን ስልሳ ሦስት ቅጠል ሠርቻለሁ። ነሐሱን እቆርጣለሁ፣ እሞርዳለሁ፣ እሰካለሁ፣ አሥራ አራቱን ደረጃ ወጥቼ እነፋላታለሁ። ያልሆነውን በክር አስሬ ሱቁ ግድግዳ ላይ እሰቅለዋለሁ። ትክክለኛ ድምፅ አንድ ነው፣ ተኝቼም አገኘዋለሁ። ስህተቱ ግን ስፍር ቁጥር የለውም፤ የትኛው ስህተት እንደነበረ ደግሞ አላውቀውም። ያን ዘጠኝ ቀን ሙሉ አራተኛው ቅጠል ባጉረመረመ ቁጥር ጆሮዬን ዘግቼበት፣ በልቤ አቃንቼ ነው የሰማሁት። እሱን አንድም ቀን እንዳለ አልሰማሁትም። ጫማ ሰፊውን "የዚያች የታረደች ድመት ድምፅ እንዴት ነበር? እስቲ አስመስልልኝ" ብዬ ለምኜዋለሁ። ምስኪን፣ መዶሻውን ይዞ ሱቁ ውስጥ እንደ ድመት ጮኸልኝ። ሊስቅ ብሎ ፊቴን ሲያይ ተወው። "ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው" አለኝ፣ ለመተረብ ሳይሆን አዝኖ።

መጀመሪያ ሰሞን አዲስ ቅጠል ይዤ ስወጣ ባለቤቴ ቀና ብላ ትጠብቀኝ ነበር። እስኪነፋ ትቸኩላለች፤ ትንፋሿን ስባ ትዘጋጃለች። በሃያኛው ይሁን በሠላሳኛው ላይ መቸኮሏን ተወች። ያለፈው ሐሙስ ስልሳ ሦስተኛውን ሰክቼ ወጣሁ። ወንበሬን ፊት ለፊቷ አድርጌ ተቀመጥኩ፣ ሣጥኑን ጉልበቴ ላይ አደረግሁ።

"ልሞክረው?" አልኳት።

"እሺ" አለች። ወናፉን ለመክፈት እጄን ሳነሳ እሷም ግራ እጇን አነሳችና አስቀድማ አፏ ላይ ጫነችው። እኔም ነፋሁ።